ኪራዩን ማን ይከፍላል? ስለ አንዲት ተዋናይትና ስለ ራሷ መድረክ

የዘንድሮው መጽሔት አዘጋጆች «ስለ ሙያሽ አንድ ነገር ጻፊልን» ብለውኝ ነበር። ስለ ደም ግፊት መጻፍ እችል ነበር፤ ግን እሱን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፣ ግማሾቻችን ደግሞ አሁን መድኃኒቱንም ጀምረናል። ስለዚህ የባቻችን ልጆች ይቅርታ ታድርጉልኝና ስለ አንዲት ተዋናይት ልጽፍ ነው። ስለ አርቲስት ዓለምፀሐይ ወዳጆና እ.ኤ.አ. በ2000 ዋሽንግተን ዲሲ ውስጥ ስላቋቋመችው የጣይቱ የባህልና የትምህርት ማዕከል። (በዕድሜም በሥራም «አንቱ» የሚባሉ ሰው መሆናቸውን አጥቼው አይደለም። መድረክ ላይ ያየነውን ሰው ግን «እሷ» ማለት ልማዳችን ነውና በዚሁ ልቀጥል።)

ነገሩ ለምን ከወልቂጤና ከቡታጅራ ጋር እንደሚገናኝ ቀስ ብዬ እመጣበታለሁ። መጀመሪያ ትንሽ ታሪክ።

በአገራችን ዘመናዊ ቴአትር የሚባለው ነገር ሲጀመር ሴት መድረክ ላይ አልነበረችም። ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮመዲያ»ን በ1913 ዓ.ም. አቀረቡ፤ ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት የሴቷን ቦታ ቀሚስ ለብሶ፣ ሻሽ አስሮ የሚጫወተው ወንድ ነበር። አዝማሪ፣ ተዋናይ፣ ዘፋኝ መባል ለወንዱም ቢሆን ክብር አልነበረም፤ ለሴት ደግሞ ከቤተሰብ መቆረጥ ማለት ነበር። የሀገር ፍቅር ማኅበር በ1927 ዓ.ም. የተቋቋመው ጣሊያን እየመጣ ነው በተባለበት ሰዓት ሕዝቡን ለመቀስቀስ ሲሆን፣ ቴአትሩም ከዚያ ቅስቀሳ ነው የወጣው። እነ አስናቀች ወርቁ መድረክ ላይ ሲወጡ ዘመኑ 1940ዎቹ ደርሷል። አስናቀች በክራሯም በትወናዋም ይህን ሁሉ ስድብ ተሸክማ የወጣች ሴት ናት፤ በኋላም ሼክስፒርን በአማርኛ ስንጫወት ዴዝዴሞናን የሆነችልን እሷ ናት። መስከረም 2004 ዓ.ም. ነው ያረፈችው።

በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር በራስ ቢትወደድ መኮንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦሪዮን» ተከፈተ፤ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር የምንለው ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር አስተውሉልኝ። ሀገር ፍቅርም ሆነ ብሔራዊ፣ በኋላ የመጡት ራስ ቴአትርና ሕፃናትና ወጣቶች ቴአትርም ጭምር፣ ሁሉም የመንግሥት ወይም የማዘጋጃ ቤት ናቸው። ተዋናዩ የወር ደመወዝተኛ ነው፤ እንደ እኛው ፊርማ ይፈርማል፣ ዓመት ፈቃድ ይጠይቃል፣ ጡረታ ይወጣል። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ልጅ ለምታሳድግ ተዋናይት የወሩ መጨረሻ ላይ የምትቆርጠው ደመወዝ መኖሩ ትልቅ ነገር ነው፤ ሌላው ዓለም ያሉ ተዋንያን ይህን ሲሰሙ ይቀናሉ። ግን ደግሞ ቤቱ የሌላ ሰው ነው። ምን ይታይ፣ ምን ይውረድ፣ ማን ይጫወት የሚለውን የሚወስነው ባለቤቱ ነው። በሦስቱም መንግሥታት በመድረክ ዙሪያ የተሠራ ሰው ይህን በደንብ ያውቀዋል።

ዓለምፀሐይ ያደገችው በዚህ ቤት ውስጥ ነው። በደርግ ዘመን ተዋናይትም ጸሐፌ ተውኔትም ነበረች፤ የሕፃናትና ወጣቶች ቴአትር ሲነሣ ስሟ አብሮ ይነሣል፤ በባህል ሚኒስቴርም የቴአትርና የሙዚቃ ሥራውን በኃላፊነት መርታለች። የዘፈን ግጥሞቿ በመቶዎች የሚቆጠሩ ናቸው። ብዙዎቻችን በልጅነታችን በሬዲዮ እየሰማን ያደግናቸውን ዘፈኖች የጻፈችው እሷ መሆኗን ያወቅነው ካደግን በኋላ ነው፤ ዘፋኙን እንጂ ገጣሚውን መጠየቅ ልማዳችን አይደለምና። «ማረፊያ ያጣች ቢራቢሮ» የሚለው የግጥም መድበሏ ርዕሱ ብቻውን ብዙ ይናገራል። ከ1983ቱ የመንግሥት ለውጥ በኋላ አሜሪካ ቀረች።

ከዚህ በኋላ የሆነው ነው እኔን የሚገርመኝ። የአገሩን ትልልቅ መድረኮች ያየች፣ ሚኒስቴር መሥሪያ ቤት የሠራች ሴት፣ ደመወዝ የሚከፍላት ቴአትር ቤት በሌለበት አገር ቴአትሩን ራሷ አቆመችው። ስሙን በእቴጌ ጣይቱ አለችው። ጣይቱ ለምን? መልሱን ከእሷ አፍ አልሰማሁም፤ ለእኔ ግን አዲስ አበባን የቆረቆረችው፣ ሆቴል ከፍታ እንግዳ የተቀበለችው እቴጌ ስም ቤት ለሚያቆም ሰው የሚስማማ ስም ነው። ማዕከሉ ተውኔት ያዘጋጃል፣ የግጥም ምሽት ያካሂዳል፣ እዚያ ለተወለዱ ልጆች ቋንቋና ባህል ያስተምራል፣ የአማርኛ መጻሕፍትም ሰብስቧል። የመንግሥት በጀት የለውም። አዳራሽ በኪራይ፣ ልምምድ ከሥራ በኋላ፣ ትኬት በወዳጅ በዘመድ። ተዋናዩ ቀን ሌላ ሥራ አለው፤ ታክሲ የሚነዳ፣ መኪና ማቆሚያ የሚሠራ፣ ሆስፒታል የሚያዋልድ ሰው ማታ መጥቶ ንጉሥ ይሆናል። ለብሶ የሚወጣውም ልብስ ምናልባት ከአንዷ ሻንጣ የወጣ የእናቷ ቀሚስ ይሆናል። በዚህ ዓይነት ቤት ውስጥ ቤተሰብና ባልደረባ የሚለያዩበት መስመር የለም፤ ወንበር የሚደረድረውም፣ ቡና የምታፈላውም፣ ዋናውን ገጸ ባሕርይ የምትጫወተውም አንድ ናቸው።

ይህ እሷ ብቻ የፈጠረችው መንገድ አይደለም። ኒውዮርክ ውስጥ ጁዲት ማሊና የምትባል ተዋናይት ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1926 ጀርመን አገር ኪል ከተማ ተወልዳ በሕፃንነቷ አሜሪካ የገባች፣ አባቷ የአይሁድ ረቢ የነበሩ። በ1947 ከጁሊያን ቤክ ጋር ሆና «ሊቪንግ ቲያትር» የሚባል ቡድን መሠረቱ፤ ባልና ሚስት ናቸው። ቦታ ሲያጡ በ1951 የመጀመሪያዎቹን ትርዒቶች የሠሩት በመኖሪያ ቤታቸው ሳሎን ውስጥ ነው። በ1959 የራሳቸው አዳራሽ ኖራቸው። በ1963 ግን ግብር አልከፈላችሁም ተብሎ ቤቱ ታሸገ፤ ፍርድ ቤት ራሳቸውን እየተከራከሩ አጭር እስራት ተፈረደባቸው፣ ቡድኑን ይዘው ለዓመታት አውሮፓን ዞሩ፤ በ1971 ብራዚልም ታስረዋል። ቤክ በ1985 በካንሰር ሞተ። እሷ ቡድኑን አልበተነችም፤ ከቡድኑ አባል ከሃኖን ሬዝኒኮፍ ጋር ቀጠለችው፣ በኋላም ተጋቡ። ለሆሊውድ ፊልም አሮጊት እየሆነች ትጫወትና ያገኘችው ገንዘብ ወደ ቴአትሩ ይሄድ ነበር። በ2008 እሱም ሞተ። በ2013፣ ሰማንያ ሰባት ዓመት ሊሞላት ሲል፣ የመጨረሻው አዳራሻቸው ኪራይ ስላልተከፈለ ተዘጋ።

ሐኪም ነኝና ከዚህ በኋላ ያለው ነገር ነው ይበልጥ የያዘኝ። ማሊና የገባችው ኒውጀርሲ ውስጥ ወደሚገኝ የተዋንያን መጦሪያ ቤት ነው። እዚያው ሆና እየጻፈች በሚያዝያ 2015 በሰማንያ ስምንት ዓመቷ አረፈች። ያንን መጦሪያ የሚያስተዳድረው ተዋንያን ራሳቸው በ1882 ያቋቋሙት መረዳጃ ነው፤ ቤቱ ከ1902 ጀምሮ አለ። እድር በሉት። የእኛን ደግሞ ታውቁታላችሁ፦ አንጋፋ ተዋናይ ታሞ፣ ፎቶው ከባንክ ሒሳብ ቁጥር ጋር ወጥቶ፣ እኛም አዝነን መቶ ብር ልከን፣ ኩላሊቱ ግን ቀድሞን ሄዶ። እድርን ለዓለም ማስተማር የምንችል ሕዝብ ሆነን ለመድረክ ሰዎቻችን እድር አለማቆማችን ያናድደኛል። ይህን አንድ ቀን በሌላ ጽሑፍ እመጣበታለሁ።

አሁን ወደ ወልቂጤ።

ወልቂጤ በጅማ መንገድ ላይ ናት፤ ቡታጅራ በዚያኛው በኩል፣ መሃላቸው የጉራጌ ተራሮች። ዛሬ አንዷ የጉራጌ ዞን፣ ሌላዋ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን ዋና ከተማ ሆነዋል። በሁለቱም ሠርቻለሁ። ሁለቱም ከተሞች ቴአትርን የሚያውቁት እንደ እንግዳ ነው፤ ይመጣል፣ ይበላል፣ ይሄዳል። በድሮው ጊዜ የሀገር ፍቅር ቡድን በዚያ መንገድ ይወርድ ነበር። ጥላሁን ገሠሠ ልጅ ሆኖ በወሊሶ ራስ ጎበና ትምህርት ቤት ሲማር እነ ንጋቷ ከልካይና እነ እዩኤል ዮሐንስ መጥተው ያሳዩትን ዝግጅት አይቶ ነው ልቡ የተነሣው። ወሊሶ ከወልቂጤ አርባ ምናምን ኪሎ ሜትር ነው። አስቡት፤ አንድ ቀን የመጣ እንግዳ ቡድን ጥላሁንን ካስነሣ፣ እዚያው የሚኖር መድረክ ስንቱን ያስነሣ ነበር? በደርግ ጊዜ ደግሞ የኪነት ቡድን ነበረ፤ አባቶቻችን እየሳቁ ያወሩታል፣ ከበሮውንና ዩኒፎርሙን። እሱም ከባለቤቱ ጋር ሄደ።

«ጉራጌ ነጋዴ ነው፣ ከቴአትር ምን አለው» የሚል ሰው ሲያጋጥመኝ ትዕግሥቴ ያልቃል። ጀፎረን ያየ ሰው ይህን አይልም። ያ በቤቶቹ ፊት የተዘረጋው ሰፊ ሣር ሠርጉም፣ ለቅሶውም፣ ሸንጎውም፣ የመስቀል ጭፈራውም የሚታይበት ቦታ ነው፤ መንደሩ ሁሉ ተመልካችም ተዋናይም ነው። የቃቄ ወርድወትስ? በ19ኛው መቶ ዘመን የሙህር ሴት ሆና፣ ባሏን ልትፈታ የፈለገች ሴት በእርግማን በምትታሰርበት ጊዜ፣ ሴቶችን ሰብስባ በሸንጎው ሽማግሌዎች ፊት ቆማ ስለ ሚስትነትና ስለ መፋታት የተከራከረች ሴት። ሰዎች ከሚያወሩላት ነገር ሁሉ እኔን የሚይዘኝ ቆማ መናገሯ ነው። ከመቶ ምናምን ዓመት በኋላ ታሪኳ ብሔራዊ ቴአትር ላይ ተውኔት ሆኖ ታየ። መልካም ነው፤ ያየው ግን አዲስ አበባ ያለ ሰው ነው። ሙህር ያለችው ሴት ስለ ወርድወት በቴሌቪዥን ካልሆነ አላየችም።

ይህ ለምን ያገባሻል ትሉኝ ይሆናል። እነግራችኋለሁ። ቡታጅራ በእኛ ሙያ በዓለም የታወቀች ከተማ ናት። የቡታጅራ የገጠር ጤና ፕሮግራም እ.ኤ.አ. ከ1986 ጀምሮ ልደትን፣ ሞትንና በሽታን ቤት ለቤት እየመዘገበ ኖሯል፤ ስንቶቻችን መመረቂያ ጽሑፋችንን የሠራነው ከዚያ በወጣ ቁጥር ነው። የዓለም ጤና ድርጅት በተለያዩ አገሮች ስለ ሴቶች ጤናና ስለ ቤት ውስጥ ጥቃት ባስጠናው ጥናት ኢትዮጵያን ወክሎ የቀረበውም የቡታጅራ አካባቢ ነው። ውጤቱ፦ ባል ወይም ጓደኛ ከነበራቸው ሴቶች 71 በመቶው በሕይወታቸው አካላዊ ወይም ወሲባዊ ጥቃት ደርሶባቸዋል። ሰባ አንድ። ተመላላሽ ክፍል ስቀመጥ ግን ይህን ቁጥር በካርድ ላይ አላየውም። «ወድቄ ነው»፣ «ላም ገፍታኝ ነው»፣ «በር መትቶኝ ነው»። ሁላችሁም ዱቲ ላይ ሰምታችሁታል።

አንድ ዓመት፣ ገና አዲስ ሐኪም ሳለሁ፣ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች የፀረ ኤድስ ክበብ ድራማ ሊያሳይ መጣና እኔ ስለ በሽታው ንግግር እንዳደርግ ተጋበዝኩ። ንግግሬን ማንም አልሰማውም፤ ጥሩም አልነበረም። ድራማው ግን! ጽሑፉ የጀማሪ ነው፤ ሽማግሌው ጢሙ ሁለት ጊዜ ወደቀበት፤ ማይኩ ይጮሃል። ሚስቲቱን የምትጫወተው ልጅ አሥራ ሰባት ዓመት ቢሆናት ነው። ባሏ ከተማ ከርሞ ለመስቀል ይመጣል፤ እሷ ምርመራ እናድርግ ትለዋለች፤ እጁን ያነሣል። እዚህ ላይ ልጅቷ በጽሑፉ ያልነበረ ነገር አደረገች፤ ዞር ብላ ተመልካቹን አየችና ዝም አለች። ረጅም ዝምታ። ከኋላ የተቀመጡት እናቶች ሳቃቸውን አቆሙ። በሚቀጥለው ሳምንት አንዲት እናት መጥታ ክንዷን እያሳየችኝ «እንደዚያች ልጅ ነው» አለችኝ። ወድቄ ነው አላለችም። አንዲት ሴት ናት፤ ጥናት አይባልም። ግን እኔ በትምህርት ቤት የተማርኩት የታሪክ አወሳሰድ ያላወጣውን ነገር ያ ድራማ አወጣው።

ክበቡ የቆመው በፕሮጀክት ገንዘብ ነበር። ፕሮጀክቱ አለቀ፤ ክበቡም አለቀ። ልብሱን፣ ማይኩን፣ ያቺን ጢም ሳይቀር ንብረት ክፍል ቆጥሮ ተረከበ። ልጅቷ አሁን የሦስት ልጆች እናት ናት፤ ወልቂጤ መናኸሪያ አካባቢ የልብስ ሱቅ አላት። ስሄድ ሻይ ታስመጣልኝና እናወራለን። አንድ ቀን ስለ ዓለምፀሐይና ስለ ዋሽንግተኑ ማዕከል ነገርኳት፤ ግጥሙን፣ ተውኔቱን፣ ሕፃናቱን። ዝም ብላ ሰማችኝና የጠየቀችው አንድ ጥያቄ ነው፦

«ኪራዩን ማን ይከፍላል?»

ትኬቱ ትንሽ፣ ወዳጅ ትንሽ፣ ሲጎድል ራሷ፣ አልኳት። «እንዲያ ከሆነ ይሄድላታል» አለችኝ። «ሱቅም እንደዚያ ነው። የመጀመሪያውን ዓመት ከራስሽ ነው የምትበዪው። ዋናው በየቀኑ መክፈት ነው፤ ሰው የተዘጋ ሱቅ ካየ አይመለስም።»

ከዚያ ወዲህ የራስ መድረክ ማለት ምን እንደሆነ ሳስብ የማስበው የእሷን መልስ ነው። ማሊና ሳሎኗን ከፈተች፤ ዓለምፀሐይ በባዕድ አገር አዳራሽ ተከራየች፤ ሁለቱም ማንም በጀት እስኪመድብላቸው አልጠበቁም። ይህን ዓይነት ሥራ ጉራጌ አገር ለማስረዳት ብዙ ቃል አያስፈልግም። በንጉሡ ዘመን መንገዱን በራሱ መዋጮ ያሠራ ሕዝብ ነው፤ ዕቁብን መርካቶ ላይ ባንክ ያደረገ ሕዝብ ነው፤ ወንድም ወንድሙን ከሱቁ ጓዳ እያስተኛ ነጋዴ የሚያደርግ ሕዝብ ነው። ቤተሰብ የሚያቆመው ቴአትር ከዚህ የተለየ ጥበብ አይጠይቅም። ተመልካቹም አለ። በመስከረም አዲስ አበባ ያለው ሁሉ ክትፎውን ሊበላ ይገባል፤ ሁለት ሳምንት ሙሉ ከተማው ሰው በሰው ነው፤ ኪሱም ልቡም ክፍት ነው። ታዲያ ያ ሁሉ ሰው ማታ ማታ ምን ያያል? ኳስ።

ይህን ስል ችግሩን አቅልዬ አይደለም። የቤተሰብ ቴአትር ቤተሰቡን ይበላል። ማሊና ሁለት ባሎቿን ቀብራ በመጨረሻ ኪራይ ያሸነፋት ሴት ናት። ዓለምፀሐይም በ2010 ለውጡ ከመጣ በኋላ ወደ አገሯ ስትመለስ ከሩብ ምዕተ ዓመት በላይ አልፏል፤ ተዋናይት እነዚያን ዓመታት በሌላ ዕድሜዋ መልሳ አታገኛቸውም። ከወጣት ሚስት እስከ አያት ድረስ ያሉትን ገጸ ባሕርያት የአገሯ ተመልካች አላየባትም። እዚያ ያለው ግን አየ። ዋሽንግተን የተወለደ ልጅ አማርኛ በተውኔት ሰምቶ ሲስቅ፣ ወልቂጤ የተወለደው ልጅ በአዳራሽ ውስጥ ተቀምጦ ቴአትር ሳያይ ሁለተኛ ደረጃን ይጨርሳል። ነገሩ የተገለበጠ ነው፤ የሚያስቀናም ነው፣ እውነቱን ለመናገር።

ስለዚህ ለባቻችን የቀረበ ልመና አለኝ። የዘንድሮው መገናኛችን ከመስቀል ቀጥሎ ባለው ቅዳሜ ቡታጅራ እንዲሆን ተስማምተናል። ኮሚቴው ለእራትና ለባንድ የያዘውን ገንዘብ አይቻለሁ፤ ባንዱ ይቅር። የአንድ ሰዓት ተኩል ተውኔት ይበቃናል፣ የከተማው ሰው ትኬት ቆርጦ ይግባ፣ እኛም እንቁረጥ፤ ሐኪም ነፃ ትኬት የለውም። ጽሑፉን የሁለተኛ ደረጃ አማርኛ መምህራን እየሠሩት ነው፤ ስለ ወርድወት ነው። ባለ ሱቋ እንድትጫወት ጠይቄያታለሁ። መጀመሪያ «አረጀሁ እኮ፣ ዶክተር» አለችኝ፤ በሁለተኛው ቀን ደውላ የወርድወትን ሳይሆን የእናቷን ቦታ ከሰጡኝ እመጣለሁ አለች። ሱቁን ቅዳሜ ከሰዓት እህቷ ትጠብቅላታለች። አዳራሹ ሁለት መቶ ሰው ይይዛል፤ ወንበሩ ከእድር ይመጣል፣ ለኪራዩም ከእያንዳንዳችን አምስት መቶ ብር ይበቃል። መብራት ሊጠፋ ስለሚችል ጀነሬተሩን እኔ አመጣለሁ።